ግራ ጌታውን ያስጠራሁ እኔ ነኝ
በጃንሆይ ዘመን ጋይንት አስተማሪ ነበርሁ። አንድ ቀን በውጭ አገር ፓርላማ ስላለው የተቃዋሚ ፓርቲ መሪ ሳስረዳ ተማሪዎቹ አልገባቸው አለ።

«የሚቃወመውን ሰው ንጉሡ እንዴት ዝም ይለዋል?» ይሉኛል።

ቢደክመኝ፣ «በማኅሌት ቀኝ ጌታና ግራ ጌታ ፊት ለፊት ቆመው በዜማ ይመላለሱ የለም? ተቃዋሚ ማለት እንደ ደብራችን ግራ ጌታ ነው» አልኋቸው።

ወሬው ከወረዳው ገዥ ጆሮ ደረሰ። ሽማግሌው ግራ ጌታ ተጠርተው «መንግሥት ይቃወማሉ አሉ» እየተባሉ ሲፋጠጡ ዋሉ። ጥፋቴን ልናገር እየፈራሁ ቤታቸው ሄድሁ።

«ተይኝ ልጄ» አሉኝ። «ስንት ዘመን አብረን ቆመን፣ ቀኝ ጌታው ሄዶ ይክሰሰኝ?»

«የኔታ፣ እሳቸው እኮ አይደሉም…»

«አንቺ የዋህ ነሽ፤ ሰው አታውቂም።»

እስኪሞቱ ድረስ ቀኝ ጌታውን ሰላም አላሉም። እኔም እስከ ዛሬ ትንፍሽ አላልሁም።