የታናሽ ወንድሙ መስታወት

ሰፈሩ «ክላክስ» ይለዋል። ጎማ ጠጋኝ ነው። መስቀለኛው መንገድ ጥግ ላይ ከአሮጌ መኪና የተነቀለ ወንበር አስቀምጦ፣ የጎማውን ከመነዳሪ ውሃ ውስጥ እየነከረ አረፋ የሚተፋውን ቀዳዳ ይፈልጋል። ከጠባቡ መንገድ ወደ ዋናው የሚወጣ መኪና ባየ ቁጥር ግን ሥራውን ትቶ «ቁም! አንተ ሰውዬ፣ ቁም!» ይላል። አሥራ አራት ዓመት እንዲህ ጮኸ። የሰማው የለም። አንዳንዱ ሹፌር እንዲያውም መስኮቱን ዝቅ አድርጎ «አባቴ፣ አንተ ጎማህን ንፋ» ብሎት ያልፋል።

የሚጮኸው ወዶ አይደለም። ከጠባቡ መንገድ ስትወጣ በግራህ የድንጋይ አጥር አለ፤ ቁመቱ ከሰው ይበልጣል፣ እስከ አስፋልቱ ጫፍ ድረስ ተጠግቷል። ከግራ የሚመጣው መኪና የሚታይህ አፍንጫህ ሥር ሲደርስ ነው። ማየት ከፈለግህ ቆመህ፣ አንገትህን አስግገህ፣ በዝግታ መውጣት አለብህ። ይህን ለማወቅ መሐንዲስ መሆን አያሻም፤ ግን ስንቱ ሹፌር ነው ለአንድ ደቂቃ ሲል የሰው ዕድሜ የሚያሳጥረው! ግጭት በተፈጠረ ቁጥር ቀድሞ የሚደርሰው ክላክስ ነበር። በጎማ ማውለቂያ ብረቱ የተጨራመተ በር ይፈለቅቃል፣ የቆሰለ ያወጣል፣ ከዚያ ደም የነካው እጁን ያንኑ ከመነዳሪ በሚነክርበት ውሃ ታጥቦ ወደ ወንበሩ ይመለሳል።

ለሰፈሩ ኮሚቴም ስንት ጊዜ ተናግሯል። «አጥሩ ዝቅ ይበል፣ የመቆሚያ መስመር ይቀባ» ብሏል። ችግሩ ንግግሩን የሚጀምረው «እናንተ ደንቆሮዎች» ብሎ ነው። እውነት ይዞ የመጣን ሰው በአመሉ ምክንያት ማባረር የኛ በሽታ ነው፤ የሱ በሽታ ደግሞ እውነትን እንደ ድንጋይ መወርወር ነበር።

ታናሽ ወንድሙ ሌላ ሰው ነው። ከመንገዱ ማዶ መስታወት ቆራጭ ነው። ለስላሳ፣ ሳቂታ፣ የደንበኛውን ልጅ ስም የማይረሳ። አንድ እሑድ ጠዋት መሰላል ተሸክሞ መጣና ከጠባቡ መንገድ ትይዩ ባለው ምሰሶ ላይ የቁም ሳጥን በር የሚያህል መስታወት ሰቀለ። ከአጥሩ ጀርባ የሚመጣው መኪና መስታወቱ ውስጥ ቁልጭ ብሎ ታየ። ሰፈሩ አጨበጨበ። ሹፌሮቹ አውራ ጣታቸውን እያነሱ ያልፉ ጀመር። አንድ ወር ሙሉ ግጭት የሚባል ጠፋ።

ክላክስን ቅናት በላው። በአሥራ አራት ዓመት ጩኸት ያልተገኘ ምስጋና በአንድ ጠዋት፣ በአራት ብሎን! ደንበኛ ስለ መስታወቱ ባወራ ቁጥር የጎማውን ብሎን ከልክ በላይ ያጠብቃል። እናቱ ዘንድ ለምሳ ሲሄድ ደግሞ ባሰበት።

«ታናሽህ እኮ ስንት ሰው አዳነ!» አሉት እናቱ።

«እኔስ እማዬ? እኔ ስንት ዓመት?»

«አንተማ ጮህክ፣ የኔ ጌታ። እሱ ሠራ።»

ሳህኑን ገፍቶ ተነሣ።

በአምስተኛው ሳምንት ይመስለኛል፣ ወንበሩ ላይ እንደተቀመጠ ያን ነገር አየ። የመኪና ወንበር ስለሆነ ዓይኑ የሚያርፈው ልክ የሹፌር ዓይን የሚያርፍበት ከፍታ ላይ ነው። ቀና ብሎ መስታወቱን ሲያይ መንገዱ ባዶ ነበር። ወዲያው ከአጥሩ ጥግ ቅጭል የሚል የብስክሌት ደወል ተሰማና ዳቦ አዳይዋ በፊቱ አለፈች። ሁለት ቅርጫት ዳቦ ከኋላዋ ጭና በየጠዋቱ አጥሩን ተጠግታ የምታልፍ ሴት ናት። መስታወቱ ውስጥ ግን አልነበረችም።

በነጋታውም ጠበቃት። አሁንም አልነበረችም። ነገሩ ገባው። መስታወቱ ዝርግ ነው፤ የመንገዱን መሀል እንጂ ዳሩን አያሳይም። በአጥሩ ሥር የሚሄድ እግረኛ፣ ብስክሌት፣ ሞተር ሁሉ ከመስታወቱ ውጭ ነው። የባሰው ደግሞ ሹፌሮቹ መቆሙን ተዉት! ድሮ ቢያንስ ፈርተው ቀስ ይሉ ነበር፤ አሁን መስታወቱን በጨረፍታ ያዩና መኪናውን ይለቁታል። እንዲህ ላለው ቦታ የሚሆነው ጎባጣ መስታወት ነው፤ ዳርና ዳሩን ሰብስቦ ያሳያል። መስታወት ቆራጭ ግን ጎባጣ ነገር ይጠየፋል። ታናሽየው ገና ሲሰቅል አንዱ ጠይቆት «ጎባጣ መስታወት የሰው መልክ ያበላሻል፣ ከእጄ እንዲህ ያለ ሥራ አይወጣም» ብሎ ነበር። በሙያ ኩራት የተሠራ ስህተት ነው።

ክላክስ ምን አደረገ? ደስ አለው። አዎ፣ ደስ አለው! የወንድሙን እንከን አግኝቶ እንደ ከረሜላ አፉ ውስጥ ያዛት። መንገድ ተሻግሮ መናገር ይችል ነበር፤ ሃያ እርምጃ ነው። አልተናገረም። «ዝም አይነቅዝም» አለ ለራሱ። እኔ ግን እላለሁ፣ ዝምታም ይነቅዛል፤ ሲነቅዝ ደግሞ የሚበላው ዝም ያለውን ሰው ሳይሆን ጎረቤቱን ነው።

ጭራሽ ወንድሙ ራሱ ሊጠይቀው መጣ።

«ወንድም ጋሼ፣ መስታወቱ እንዴት ነው? ጥጉን እንዳንተ የሚያውቀው የለም። ጎደለ የምትለው ነገር ካለ…»

«ምን ይጎድለዋል? ጥሩ ነው» አለው ከመነዳሪውን እያገላበጠ። «ጢምህን ተላጭበት።»

ታናሽየው ስቆ ሄደ። ክላክስ በየጠዋቱ የብስክሌቷን ደወል ሲሰማ ትከሻው ይሸማቀቃል፤ ስታልፍ ይተነፍሳል። ዘጠኝ ቀን እንዲህ ኖረ። ያ ሁሉ ጩኸት የነበረው ሰው ዘጠኝ ቀን «ቁም» አላለም። «ሰፈሩ የማንን ሥራ እንደሚያመሰግን ይየው» እያለ።

በአሥረኛው ቀን አንድ ፒክአፕ ከጠባቡ መንገድ መጣ። ሹፌሩ መስታወቱን አየ፣ ባዶ ነው፣ ነዳጅ ረገጠ። ከዚያ ፍሬኑ ጮኸ፣ ዳቦው አስፋልቱ ላይ ተበተነ።

ክላክስ እንደ ልማዱ ቀድሞ ደረሰ። ሴትዮዋ በሕይወት አለች፤ የግራ እግሯ ግን ከጉልበቷ በታች ዞሮ ነበር። ሹፌሩ ራሱን ይዞ «መስታወቱ ውስጥ አልነበረችም! በልጆቼ እምላለሁ፣ አልነበረችም!» ይላል። ዙሪያውን የከበበው ሰው «ውሸታም! ዓይንህ የት ሄዶ ነው?» እያለ ሊደበድበው ደርሷል። እውነቱን የሚያውቅ አንድ ሰው ነበረ፤ እሱም የሴትዮዋን ጭንቅላት ጭኑ ላይ አስደግፎ ዝም ብሏል።

ከሰዓት በኋላ ሆስፒታል ሄደ። እግሯ በጄሶ ተጠቅልሎ በገመድ ተሰቅሏል።

«እግዜር ይስጥህ፣ አንተ ባትደርስ…» አለችው።

«አታመስግኚኝ። እንደማትታዪ አውቅ ነበር።»

«ምን?»

«መስታወቱ ዳሩን አያሳይም። ካየሁት አሥር ቀን ሆኖኛል።»

ከትራሷ ቀና አለች። «ታዲያ ምነው ዝም አልክ? ምን አድርጌህ ነው?»

«አንቺማ ምንም። ወንድሜን… ቀንቼበት ነው።»

«አሃ!» አለች። «አንተ ትቀናለህ፣ የኔ እግር ይሰበራል! ጥሩ ክፍፍል ነው!» ጎረቤት አልጋ ላይ ያሉት ሁሉ ዞሩ። «እዚህ ምን ትሠራለህ? እኔ እንደሆንኩ አንዴ ተሰብሬያለሁ። ነገ ጠዋት በዚያ የሚያልፍ ሌላ ሰው የለም? ሂድ ለወንድምህ ንገር! ይቅርታህን እንደ ዳቦ ጋግሬ አልሸጠው።»

ወዲያው ሮጦ ወጣ። ወንድሙ ሱቅ ሲደርስ ታናሽየው በሦስት ደንበኞች መሀል ነበር። ለብቻው ሊጠራው አስቦ ነበር፤ ብቻውን ቢነግረው ግን ነገሩን አለሳልሶ እንደሚያወራው ስለገባው ሰው ፊት ተናገረ። ዘጠኙን ቀንም፣ «ጢምህን ተላጭበት» ያለበትንም።

ታናሽየው ፊቱ ነጣ። «ጠየቅኩህ እኮ» አለ። «ወንድም ጋሼ፣ ደጅህ ድረስ መጥቼ ጠየቅኩህ።» መሰላሉን ተሸክሞ ወጣና መስታወቱን በገዛ እጁ አወረደ። ክላክስ መሰላሉን ያዘለት፤ አንዱ ሌላውን አላየም። ለሳምንታትም አልተነጋገሩም።

ጎባጣው መስታወት ታዝዞ እስኪመጣ ኮሚቴው ተሰበሰበ። ክላክስ በዕድሜው ለመጀመሪያ ጊዜ ማንንም ሳይሰድብ ተናገረ። መስታወት ብቻውን አያድንም፣ አጥሩ ዝቅ ይበል፣ መስመር ይቀባ፣ መስመሩ ላይ ሁሉም ይቁም አለ። ሰዉ ተጉረመረመ፤ አኩርፎታል፣ ልክም ነው። ያኔ ታናሽየው ተነሣና «ይህን ሐሳብ ወንድሜ የዛሬ አሥራ አራት ዓመት ነው ያመጣው። ያኔ ብንሰማው ኖሮ የኔ መስታወትም ባላስፈለገ» አለ። ወዲያው ጭብጨባ ሆነ። ለማን? ለታናሽየው፣ ለትልቅነቱ!

«ይኼንንም ቀደመኝ» አለ ክላክስ ጥርሱን ነክሶ።

ቅናቱ ለቀቀው ብዬ አልዋሻችሁም። እንዲህ ያለ ነገር በአንድ ስብሰባ አይለቅም። አጥሩ ወገብ ድረስ ወረደ፣ ነጩ መስመር ተቀባ፣ ጎባጣው መስታወት ተሰቀለ፤ ዛሬም ሹፌሮቹ አውራ ጣታቸውን የሚያነሱት ለማዶው ሱቅ ነው፣ እሱም ዛሬም ብሎን ከልክ በላይ ያጠብቃል። ባለፈው ሰኞ ግን አንድ የጭነት መኪና ጥጉ ላይ ቆሞ እይታውን ጋረደው። ወንድሙ ደንበኞቹን እያሳቀ ነበር። ክላክስ አንድ ጊዜ ምራቁን ዋጠና መንገዱን ተሻግሮ እስኪደርስ እንኳ ሳይጠብቅ ከወዲህ ማዶ ጮኸ፦

«አንተ! ሳቁን ተወውና ና! ከዚህ መኪና ጀርባ ሰው አይታይም! አንተ ከዚያ በኩል አስቁም፣ እኔ ከዚህ!»

ታናሽየው እየሮጠ ወጣ።