በግድግዳ በኩል የተነገረው ሩጫ

በጎሚስታነት ጎማ ሲጠግን የኖረው አባቴ፣ ነፍሱን ይማረውና፣ የኦሊምፒኩን የአስር ሺህ ሜትር ፍጻሜ ለማየት አራት ዓመት ሙሉ ጠብቋል። ቀኑ ሲቃረብ ግን ልቡ ታመመ፤ ሐኪሙም "ድንጋጤ እንዳይነካው" ብሎ አስጠነቀቀን። እናቴ መላ ዘየደች። እሱ መኝታ ቤት ይተኛል፤ እሷ ሳሎን ሆና የቴሌቪዥኑን ድምፅ አጥፍታ እያየች፣ በግድግዳው በኩል ቀስ ብላ ትነግረዋለች።

"ማን እየመራ ነው?" አለ አባቴ።

"ሁሉም እየሮጡ ነው።"

"አንቺ ሴትዮ፣ እሱንማ እኔም አላጣሁትም! የኛ አገር ልጅ የት ነው?"

"መሃል ላይ ነው።"

"መሃል? ተዘግቶበታል ማለት ነዋ!"

"ልብህን አስብ እንጂ! ተኛ!"

የመጨረሻው ዙር ሲጀመር እናቴ ዝም አለች። አባቴ ሁለቴ ጠራት። ከዚያ ግድግዳውን ተደግፎ ወደ ሳሎን ወጣ። እናቴ የሻርፗን ጫፍ ነክሳ ቆማለች። አላባረረችውም፤ ጎትታ አጠገቧ አስቀመጠችውና የልቡን ምት ለማዳመጥ የእጁን አንጓ ያዘች። ሩጫው እስኪያልቅ ዓይኗን ከአባቴ ፊት አልነቀለችም።

"ሁለተኛ ወጣ" አላት አባቴ፣ እንዳትደነግጥ ቀስ ብሎ።