ለባሌ የታዘዘው ንፍሮ

ዛሬ ባሌ በቁሙ ተለቀሰለት።

በጦርነቱ መንገድ ተዘግቶ እኛ ከተማ መርሳ ላይ ባሌ የሚውጠው የስኳር በሽታ ክኒን ጠፋ። ድሮ ስለ ምግብ ስንጠይቀው «ክኒንዎን ብቻ ይዋጡ» ይለን የነበረው ሐኪም፣ አሁን «ክኒኑ እስኪመጣ ነጭ ዳቦ ይቅርብዎት፤ እንደ አባቶቻችን ያልተፈጨ እህል ይብሉ» ብሎ ለባሌ ንፍሮ አዘዘለት።

ጠዋት ደጅ ላይ ትልቁን ድስት ጣድኩ። (ባሌን በትንሽ ድስት የሚያጠግብ ሐኪም ገና አልተወለደም።)

ጎረቤታችን እትዬ ሙሉ ንፍሮውን ሲያዩ የባሌ የለቅሶ ንፍሮ መሰላቸው። «ወይኔ ወንድሜን!» እያሉ ሰፈሩን አስከትለው ገቡ።

ባሌ ደንግጦ ከጓዳ ወጣ። «ማን ሞቶ ነው?»

«አንተ ነሃ!» አሉት እትዬ ሙሉ ተናደው።

ሁሉም ተቀምጠው ንፍሮውን ይዘግኑ ጀመር። «ኧረ መድኃኒቴን ተዉልኝ!» ቢል ማን ሰምቶት!

«ለቅሶ ደርሶ ሳይቀምስ የሚወጣ የለም» አሉ እትዬ ሙሉ፣ ድስቱን እየጠረጉ።

የእናንተስ ሐኪም ክኒን ሲጠፋ ምን አዘዘላችሁ? ጎረቤት የማያስለቅስ መድኃኒት ካለ ንገሩኝ።