ግማሹ የበራው ፋኖስ

ቅዳሜ ጠዋት ከላሊበላ የተነሣሁት ለክርክር ነው። የልጄ ልጅ አዝመራ፣ ጸዳል በምትባለው የመስታወት ከተማ አራት ዓመት ሙያ ተምራ የሠራችውን ፋኖስ ዳኞቹ «ያንቺ ብቻ አይደለም» ብለው መለሱባት። ሰኞ ካልተቃናላት ፋኖሱ ተሰብሮ ይቀልጣል፣ እሷም ትባረራለች። ይህን በስልክ ስሰማ በሶዬን ቋጥሬ ወጣሁ።

ጸዳልን ለማያውቅ ልንገር። ከሙጃ ወዲያ አምባ ላይ ያለች፣ የራሷ በርና የራሷ ዳኛ ያላት ከተማ ናት። የእሷ ፋኖስ ጋዝ አይጠጣም፤ ቀን ፀሐይ ጠግቦ ማታ ያበራል። መጀመሪያ ግን የሠራው ሰው በዳኞች ፊት እፍ ብሎ ይቀሰቅሰዋል፤ መስታወቱ በውስጡ የቀረውን እስትንፋስ ያውቃል። ከነቃ የሠሪው ስም ግርጌው ላይ ይቀረጻል፣ ሠሪው የከተማዋ ልጅ ሆኖ ቤትና ምድጃ ይሰጠዋል። የአዝመራ ፋኖስ የበራው በአንድ ጎኑ ብቻ ነበር።

በሚኒባሱ ውስጥ ረዳቱ ከአንድ ሽማግሌ ገበሬ ሃምሳ ብር አብልጦ ተቀበለ።

«ለምን?» አልኩት።

«እማማ፣ በእርስዎ ላይ አልጨመርኩም እኮ።»

«ጨምረህብኝ ቢሆን ምናልባት ዝም እል ነበር። መልስላቸው።»

ሰው ሳቀ፣ እሱም መለሰ። ሽማግሌው እስከ ሙጃ ድረስ መረቁኝ። መንገዱ እየተጠማዘዘ ሲወጣ ብርዱ ጋቢዬን አልፎ ይገባል፤ ግራና ቀኙ የገብስ ማሳ ነው፣ ገና አረንጓዴ። ሙጃ ገበያ ቆሞ ነበር። ሽሮ በላሁ፣ ለአዝመራ ነጭ ማር ገዛሁ፣ በቅሎ ተከራየሁ። ከዚያ በላይ መኪና አይወጣም።

አሥራ አንድ ሰዓት፣ ጸዳል በር

መታወቂያዬን ሳወጣ ዘበኛው አንድ ሰሌዳ የሚያህል መስታወት ዘረጋልኝ። «ይሄን ያስቀምጡት እማማ። እፍ ይበሉበት።» እፍ አልኩ፤ ጉሙ መስታወቱ ላይ ተቀመጠ፣ አልጠፋም። ሲወጡ ይጠረጋል አለኝ። እስከዚያ የከተማዋ እንግዳ ነኝ።

ከተማይቱን ወደድኳት፤ ልጣላ መጥቼ መውደዴ ቢያናድደኝም። ጎጆዎቹ እንደኛው ክብ ናቸው፣ ግድግዳቸው ግን የወንዝ ውሃ የመሰለ መስታወት ነው። ነፋስ ሲመጣ መንደሩ ሁሉ ቀስ ብሎ ይጮኻል። ድንጋይ የሚወረውር ልጅ አላየሁም። ጎረቤት የጎረቤቱን ማዕድ ስለሚያይ ብቻውን የሚበላም የለም።

እሑድ

አዝመራ ምድጃው ያለበትን ቤት አሳየችኝ። መስታወት ነፊዎቹ ትንፋሻቸው እንዲጣፍጥ መጀመሪያ ብርዝ ይጠጣሉ፤ ከዚያ ረጅሙን የብረት ቱቦ አፋቸው ላይ አድርገው የጋለውን መስታወት ይነፋሉ። ከኋላቸው ወናፍ እየረገጠ እሳቱን የሚያነድ ሰው አለ። በአዝመራ ምድጃ ይህን የምትሠራው ዘሐራ ናት፣ ከቆላ የመጣች፣ ክንዷ እንደ ወንድ የጠነከረ፣ ሳቂታ ሴት። የባቄላ እሸት ይዛልን መጥታ አብረን በላን።

«ስንት ዓመትሽ ነው እዚህ?» አልኳት።

«አሥራ ሁለት፣ እማማ።»

«ስምሽስ የትኛው ፋኖስ ላይ ነው?»

«ወናፍ የሚረግጥ ሰው ስሙ አይጻፍም» ብላ ሳቀች። «እሳቱ ያውቀኛል፣ ይበቃኛል።»

«ይሄ ፍርድ አይደለም» አልኩ። አዝመራ ቀና ብላ አየችኝና እንደገና አቀረቀረች። ያን ጊዜ ነገሩ ሊገባኝ ይገባ ነበር። እኔ ግን ለነገ የምናገረውን እያሰብኩ ነበር።

ሰኞ

ዳኞቹ ከትልቁ ምድጃ ፊት ተቀመጡ። አለቃቸው ጢማቸው የተለበለበ ሽማግሌ ናቸው። አዝመራ እፍ አለች። ፋኖሱ በግራ ጎኑ ወርቅ መስሎ በራ፤ ቀኙ ጨለማ እንደሆነ ቀረ።

ተነሣሁ። «የደሃ ልጅ ስለሆነች ነው!» አልኩ። ሌላም ብዙ ተናገርኩ። አለቃው እስክጨርስ ጠበቁኝ።

«እማማ፣ መስታወቱ አይዋሽም። የቀረው ግማሽ የማን እንደሆነ ልጅዎን ይጠይቋት። እኛ ሦስት ጊዜ ጠይቀናታል።»

ወደ አዝመራ ዞርኩ። አለቀሰች።

«መሃል ላይ ሳል ያዘኝ፣ እምዬ። መስታወቱ ሊወድቅ ነበር። ዘሐራ ቱቦውን ከአፌ ነጥቃ ጨረሰችው።»

«ለምን አልተናገርሽም?»

«በስልክ ልነግርሽ ጀምሬ ነበር። ‹የኔ ነው በይ፣ ለማንም እንዳታካፍይ› አልሽኝና ዘጋሽው።»

እውነቷን ነው፣ ብያለሁ። ለፍርድ ቆሜያለሁ እያልኩ ልጄን አፏን ያስያዝኳት እኔ ነኝ።

ዘሐራ ደጃፉ ላይ ቆማ «ወላሂ እኔ ምንም አልጠየቅሁም» አለች።

«እኔ ልጠይቅልሽ» አልኩና ወደ አለቃው ዞርኩ። «ሕጋችሁ ምን ይላል?»

«ሠሪው እስትንፋሱ በመስታወቱ ውስጥ ያለ ሰው ነው ይላል።»

«እንግዲያው ትሞክር።»

«የወናፍ ሠራተኛ እዚህ ቦታ ቆማ አታውቅም፣ እማማ።»

«እኔም ቆሜ አላውቅም፣ ይኸው ቆሜያለሁ።»

አለቃው ጢማቸውን አሹና አስገቧት። ሁለቱ ጎን ለጎን ሆነው እፍ አሉ። ቀኙም በራ፤ የሁላችንም ፊት ታየ። ከኋላ ያሉት ሌሎቹ ወናፍ ረጋጮች ወደ ፊት ቀረቡ።

አለቃው ግን ገና አልጨረሱም። «ግርጌው ጠባብ ነው፤ የሚይዘው አንድ ስም ነው።»

«ፊደሉን አሳንሱት።»

«ቤቱም አንድ ነው።»

«አብረን እንኖራለን» አለች አዝመራ። ደግሞ ጨመረች፦ «የእሷ ስም ይቅደም። መስታወቱን ያተረፈችው እሷ ናት።»

እውነት ለመናገር ይሄ ቆጠቆጠኝ። አራት ዓመት የደከመችው የኔ ልጅ ናት። ቢሆንም «ትክክል ነው» አልኩ። አለቃው መቅረጫውን አነሡ፤ ፊደሉን በጣም አሳንሰው ሁለቱንም ጻፉ።

ማክሰኞ

አዝመራና ዘሐራ እስከ በሩ ሸኙኝ። አዝመራን ይቅር በይኝ አልኳት፤ አንገቴን አቅፋ ሳመችኝ። ዘበኛው የኔን ጉም በጨርቅ ጠረገው። ከጎኑ የአዝመራና የዘሐራ ጉም ነበረ፣ እሱን አልነካውም፤ አሁን የከተማዋ ልጆች ናቸው።

ላሊበላ ስደርስ እግሬ አብጦ ነበር። ግፍን ከሩቅ አያለሁ፤ ከራሴ አፍ ሲወጣ ግን አላየሁትም፣ ያን ለማየት እዚያ ድረስ በበቅሎ መውጣት ነበረብኝ። ጫማዬን ሳላወልቅ ስልኩ ጠራ።

«እምዬ፣ አንድ ነገር ልንገርሽ፣ ግን እንዳትቆጪ» አለች አዝመራ።

የምላት አፌ ላይ መጥቶ ነበር። መልሼ ዋጥኩት።

«ንገሪኝ» አልኳት፤ እስክትጨርስም ዝም ብዬ ሰማሁ።