አንገት የማያጎብጥ ድንጋይ

በልጅነታችን የንባብ መጽሐፍ ውስጥ አንድ ሥዕል ነበር፤ በዳይ ድንጋይ ተሸክሞ በተበዳይ እግር ሥር ሲደፋ። ሰውዬው አንገቱ ጎብጦ የደም ሥሩ ተገትሮ ስለነበር፣ ተበዳይ ይቅር ማለቱ አይደንቀንም ነበር። ደግ ዘመን! ቢያንስ ድንጋዩ ድንጋይ ነበር።

ጎረቤቴ መብራት የገጠማት ግን የቦሌ ዕርቅ ነው።

መብራት ኤርፖርት አካባቢ በአንድ ላውንድሪ የበረራ ሠራተኞችን ዩኒፎርም ትተኩሳለች። እሷ የተኮሰችው ሱሪ መስመሩ ጢም ይላጫል። ባሏ ይሕደጎ ኢምፔሪያል ሆቴል አጠገብ የግድግዳ ማስዋቢያ ይሸጣል፤ ከፎም ተሠርቶ ቀለም የተቀባ፣ ላየው ጥቁር ድንጋይ የሚመስል። ሰውዬውም እንደ ዕቃው ነው፤ ላዩ ግርማ፣ ውስጡ አረፋ።

ባለፈው ክረምት «ወጡ ቀዘቀዘ» ብሎ በጀመረው ጠብ የቀኝ እጇን አንጓ ሰበረው። ነገሩ ከሐኪም ወደ ፖሊስ፣ ከፖሊስ ወደ ዐቃቤ ሕግ ሄደና ይሕደጎ ተከሰሰ።

ሽማግሌ ትዝ ያለው ያኔ ነው። እጇ በጄሶ ታስሮ ሳለ «እግዜር ይማርሽ» ለማለት ደጃፏን ያልረገጡ ሰዎች፣ ክስ ሲሰሙ ጋቢያቸውን አጣፍተው ከች አሉ። አለቃቸው ጋሽ ዘርአጽዮን ነበሩ፤ በሰፈራችን ሠርግም ዕርቅም ሲሆን ምሳ የማያመልጣቸው።

«ልጄ፣ ፍርድ ቤት ቀርበሽ ‹ታርቀናል› ካልሽ መዝገቡ ይዘጋል ብሎናል የባልሽ ጠበቃ። አንዲት ቃል ናት።»

«እጄስ ጋሼ? እሱም አብሮ ይዘጋል?»

«አይ አንቺ! ዕቃና ዕቃም ይጋጫል እኮ።»

«ዕቃ ሲጋጭ ሁለቱም ይነካሉ። የእሱ ስብራት የታለ?»

ሲወተውቷት ሰነበቱ። መብራት ደግሞ ክፉ አይደለችም፤ በመጨረሻ እንዲህ አለች፦ «በአገሬ በዳይ ድንጋይ ተሸክሞ ነው የሚመጣው። ከልቡ ከሆነ ተሸክሞ ይምጣ፤ እኔም ቃሏን እላለሁ።»

እሑድ ከቅዳሴ መልስ፣ ይሕደጎ ጋን የሚያህል ጥቁር ድንጋይ ማጅራቱ ላይ አድርጎ ጎንበስ ብሎ ገባ። ሽማግሌዎቹ «እሰይ! እሰይ!» አሉ። አንደኛው እንባውን ጠረገ። ይሕደጎ እያቃሰተ ተንበረከከ፤ ግንባሩ ላይ ግን ጠብታ ላብ የለም።

«በይ ልጄ፣ አውርጅለትና ይቅር ለእግዚአብሔር በይው።»

መብራት እጆቿን ዘረጋች። ግራዋ ሳይደርስ ቀኟ ብቻውን አነሣው፤ ጄሶው ከተፈታ ወዲህ የሻይ ማንቆርቆሪያ እንኳ አላነሣ ያለው እጇ። ድንጋዩ እንደ ባዶ ሰፌድ ብድግ አለ።

አገላብጣ አየችው። ከዚያ ወደ ጋሽ ዘርአጽዮን ጭን ወረወረችው። ድንጋይ የተወረወረበት ሰው ይሸሻል፤ ቢያቅተው ዓይኑን ይጨፍናል። የጋሽ ዘርአጽዮን ግን ቅንድባቸውም አልተነቃነቀ።

«ያውቁ ነበር ማለት ነው፣» አለች።

«ወገቡን ያመዋል እኮ ልጄ… ዋናው ሐሳቡ ነው።»

«ወገቡን? እኔን ሲመታኝ ደህና ነበር።»

በቀጠሮው ቀን ዳኛዋ «ታርቃችኋል ወይ?» ብለው ጠየቋት። ከኋላ የተቀመጡት ሽማግሌዎች «አዎ በይ» እያሉ በአገጫቸው ይጠቅሷት ነበር።

«ሽማግሌ መጥቶ ነበር፣ ክብርት ዳኛ፤ ድንጋዩ ግን የሱቅ አረፋ ነበር። አልታረቅንም።»

ዳኛዋ ነገሩ ባይገባቸውም የመጨረሻዋን ቃል ሰምተዋል። ምስክር እንዲሰማ አዘዙ።

ኮሪደሩ ላይ ጋሽ ዘርአጽዮን «የዘንድሮ ሴት ይቅርታንም በኪሎ ትመዝናለች!» እያሉ አማረሩ። መብራት ዩኒፎርም ይጠብቃት ስለነበር ወደ ሚኒባሱ ሮጠች። ይሕደጎ ግን ከአግዳሚው አልተነሣም። ምንም ሳይሸከም አንገቱ ጎብጦ ነበር፤ ልክ እንደዚያ መጽሐፍ ሥዕል።