የአባቴን ስም መፋቅ

አባቴ ስሜን በዚያ መጽሐፍ ውስጥ እንዳስገባ ያልለመኑኝ ልመና የለም፤ እኔም ያላመጣሁት ሰበብ የለም። «ጾሙ ይፈታ» አልኩ፣ ተፈታ። «ክረምቱ ይውጣ» አልኩ፣ ወጣ። ጥር ሲመጣ ደግሞ «የሠርግ ልብስ በዝቶብኛል» አልኩ። ይኼኛው እንኳ እውነት ነበር። ደብረ ታቦር ገበያው አጠገብ ልብስ ስፌት ቤት አለኝ፤ በጥር ቀና ብዬ ውኃ መጠጫ ጊዜ የለኝም።

መጽሐፉ ስለ ጊዜ የሚናገር የብራና መጽሐፍ ነው። በግዕዝ የተጻፈ ነው፤ ማን እንደጻፈውና መቼ እንደጻፈው የሚያውቅ የለም። ከጋፋት በላይ ባለው የአባቴ ቤት፣ በቆዳ ማኅደሩ ሆኖ ከግድግዳው ላይ ይንጠለጠላል። አባቴ መሪጌታ ናቸው፤ ከወንዶቹ ተማሪዎች እኩል አስቀምጠው ግዕዝ ያስነበቡኝም በእሱ ነው። እግዜር ለፍጥረቱ ሁሉ ማደሪያ ሲያድል፣ ይላል መጽሐፉ፣ ጊዜ ዘግይቶ ደረሰ። ባሕሩ ለዓሣ፣ ዛፉ ለወፍ ተሰጥቶ አልቋል። ስለዚህ በየሰው ቤት እየዞረ እንዲያድር ተፈረደበት። የመሸበት እንግዳ እግሩ ይታጠባል፣ ያለው ይቀርብለታል እንጂ «መቼ ነው የምትሄደው?» ተብሎ አይጠየቅም። ልጅ ሳለሁ ይኼን እውነት ብዬ ይዤው፣ ቤታችን ያደሩ አንድ ጨው ነጋዴን «ጊዜ ማለት እርስዎ ነዎት?» ብዬ ጠይቄ እናቴን አሳፍሬያታለሁ።

በየምዕራፉ መጨረሻ ለባለመጽሐፉ የሚደረስ ጸሎት አለ። «ዘመኑን ባርክለት» ከሚለው ፊት የባለቤቱ የክርስትና ስም በቀይ ቀለም ይጻፋል። ባለቤቱ ሲሞት ወራሹ ያንን ስም በምላጭ ይፍቅና የራሱን ይጽፋል። ወጉ እንዲህ ነው። አባቴ የአባታቸውን ስም ፍቀዋል፤ አያቴም የአጎታቸውን። ብራናው በነዚያ ቦታዎች ሳስቶ ሳስቶ፣ ወደ መስኮት ሲያዞሩት ብርሃን ያሳልፋል።

አባቴ ግን እስኪሞቱ መጠበቅ አልፈለጉም። ልባቸው ደክሟል። ሐኪሙ ለብቻዬ ጠርቶ ነገረኝ፤ እሳቸው ማንም ሳይነግራቸው ያውቃሉ።

«እኔ ከሞትኩ በኋላ ብትጽፊው ምን ያደርግልኛል? ጸሎቱ በስምሽ ሲደገም በጆሮዬ ልስማው።»

«በሕይወት ያለ ሰው ስም ይፋቃል እንዴ አባዬ?»

«የኔ እጅ ይንቀጠቀጣል። አንቺ ስፌት ስትፈቺ ጨርቁን ሳትነኪ ክሩን ብቻ ነው የምታወጪው። በሞቴ፣ አንዴ እሺ በይኝ።»

«ሞትን አይጥሩብኝ!» ብዬ ጮኽኩባቸው።

ሳቁ። እኔ ግን አልሳቅኩም፤ ተናድጄ ነበር። በሐኪሙ ተናድጄ ነበር፣ በመጽሐፉም። እንግዳውን መጠየቁስ ይቅር፣ ሲወጣ በር ላይ ቆሞ መከልከል ምን ነውር አለው?

ባለፈው ጥር መድኃኒታቸውን ይዤ ወጣሁ። ባጃጁ መንገዱ እስከሚያልቅበት አደረሰኝ፣ የቀረውን በእግሬ ሄድኩ። አባቴ ከግድግዳው ሥር ፀሐይ ላይ ተቀምጠዋል። የታጠበ ጋቢ ለብሰዋል፣ ጥምጣማቸውን አሳምረው ጠምጥመዋል። መጽሐፉ አትሮንሱ ላይ ተከፍቷል። ቀዩን ቀለም በቀንዱ በጥብጠው፣ የመቃ ብዕራቸውን ቀርጸው ነው የጠበቁኝ።

«እስቲ ዛሬ ደግሞ ምን ሰበብ ይዘሽ መጣሽ?» አሉ።

ይዤ ነበር። ግን ያንን የታጠበ ጋቢ ሳይ ተውኩት።

«ምላጩ የት አለ?» አልኩ።

መፋቅ ጀመርኩ። የመጀመሪያው ፊደል ቀላል ነበር፤ ቀይ ብናኝ ሆኖ ተነሣ። ሁለተኛው ላይ እንባዬ መጣ። የገዛ አባቴን ስም፣ አባቴ አጠገቤ ተቀምጠው እየተነፈሱ! እንባዬ ብራናው ላይ እንዳይወርድ ፊቴን ሳዞር ምላጩ ዘለቀ። ስማቸው የነበረበት ቦታ ተቀደደ፤ ጣት የሚያሳልፍ ቀዳዳ ሆነ።

«ወይኔ! ወይኔ ጉዴ! አበላሸሁት!» ስንት ዘመን፣ ስንት እጅ ያለፈ መጽሐፍ እኔ ጋ ሲደርስ ይቀደድ?

አባቴ መጽሐፉን ከእጄ ተቀበሉ። ወደ ፀሐይ አንሥተው አገላብጠው አዩት። ከዚያ በቀዳዳው አሾልከው እኔን አዩኝ።

«እሰይ» አሉ።

«ምኑ ነው እሰይ?»

«ከእንግዲህ እዚህ ቦታ ላይ ልጅ የአባቱን ስም አይፍቅም። የሌላውን ምዕራፍ ተይው። በይ አሁን አንብቢልኝ።»

አነበብኩ። ቀዳዳው ጋ ስደርስ የእሳቸውን ስም ጠራሁ። አሜን አላሉም። እንደገና አነበብኩ፤ አሁንም የእሳቸውን ጠራሁ።

«አንቺ ግትር!» አሉ።

«በማን ወጣሁና!»

 ቀጥለው ሲናገሩ ቁጣቸው በርዶ ነበር። «ልጄ፣ ለኔ ይበቃል። ዕድሜ ልኬን ተጸልዮልኛል። አሁን ላንቺ ሲጸለይ ልስማ።»

ለዚህ ሰበብ አላገኘሁም። ከመጀመሪያው ጀመርኩና ቀዳዳው ጋ ስደርስ የራሴን የክርስትና ስም ጠራሁ፤ ስቆርብ ካልሆነ በቀር የማይጠራውን ስም። አባቴ ጥምጣማቸውን አወለቁ፤ ተነሥተው መቆም አቅቷቸው በግድግዳው ተደገፉና «አሜን» አሉ፣ በዚያ ማኅሌት በሚመሩበት ድምፅ።

መጽሐፉን አስቀምጬ እንደ ሕፃን ደረታቸው ላይ ተደፋሁ። ጆሮዬ በልባቸው ላይ ነበር። ደክሞታል፤ ግን ይመታል።