የጋሽ ሃሪ ጠቅላይ ሚኒስትር

ልጅ ሳለሁ ከእናቴ ጋር የምንኖረው ለንደን፣ ሆሎዌይ በሚባል ሰፈር ውስጥ፣ በአንድ የካውንስል ሕንፃ አራተኛ ፎቅ ላይ ነበር። እናቴ ኬር ሆም ውስጥ አዛውንቶችን ትንከባከብ ስለነበር የሥራ ፈረቃዋ ብዙ ጊዜ ከሰዓት በኋላ ይጀምርና ማታ ሁለት ሰዓት ላይ ያልቃል። ስለዚህ ከትምህርት ቤት ስመለስ የራሳችንን በር አልፌ የማንኳኳው የጎረቤታችንን በር ነበር። ጎረቤታችን ከሂማላያ ተራሮች ሥር ካለች፣ ባሕር ከሌላት ትንሽ አገር የመጡ፣ ያኔ ወደ ሰባ ዓመት የሚጠጉ ሰው ነበሩ። ስማቸው ሃሪ ነው። የሕንፃው ልጆች የእንግሊዝ ስም እየመሰላቸው ሚስተር ሃሪ ይሏቸዋል። እናቴ ግን በዕድሜ የሚበልጣትን ሰው ስሙን ባዶውን መጥራት ስለማይሆንላት ገና በመጀመሪያው ሳምንት ጋሽ ሃሪ አለቻቸው፤ እሳቸውም ትርጉሙን ሳይጠይቁ ተቀበሉት።

በዊንተር አሥር ሰዓት ላይ ይጨልማል። ጋሽ ሃሪ መብራት ከማብራታቸው በፊት አንዲት የነሐስ ኩራዝ በሰናፍጭ ዘይት ሞልተው መስኮቱ ሥር ይለኩሷታል። ጢሷ ጉሮሮ የምትከረክር፣ ግን ቶሎ የምትለመድ ነበረች። የጢስ ማንቂያው እንዳይጮህ የፕላስቲክ ከረጢት አልብሰውት ነበር፤ የካውንስል ሰው ቼክ ሊያደርግ ሲመጣ ከረጢቱን የማውለቅ ሥራ የእኔ ነው። የኤሌክትሪክ ማሞቂያቸው ሁለት ዘንግ ነበረው፤ ሲግል እንደ ፍም ይቀላል። እኔ ከፊቱ ምንጣፍ ላይ፣ እሳቸው ከጎኔ ወንበራቸው ላይ እንቀመጥና ወሬው ይጀመራል።

ጋሽ ሃሪ ስለ አንበሳና ስለ ቀበሮ አያወሩም ነበር። የሚያወሩልኝ የአንድ ሰው ሕይወት ብቻ ነው። ያ ሰው መጀመሪያ የመንደራቸው አስተማሪ፣ ከዚያ እስረኛ፣ በመጨረሻም የአገራቸው ጠቅላይ ሚኒስትር ሆኗል። ስሙን ጠርተውልኝ አያውቁም፤ ሁልጊዜ «መምህሩ» ነው የሚሉት። እሳቸው በልጅነታቸው ተማሪው፣ ካደጉ በኋላ ደግሞ በቢሮው ታይፒስት ነበሩ። ለንደን መጥተው ሃያ ዓመት የምግብ ቤት ሰሃን ያጠቡት ከዚያ ሁሉ በኋላ ነው። እንግሊዝኛቸው ቀስ ያለ ነበር፤ የጎደለውን ቃል እኔ እየሞላሁላቸው እንሄዳለን። ዛሬ በአማርኛ ስጽፈው እንኳን ያ አዘጋገማቸው በጆሮዬ ይመጣል።

የመምህሩ አባት የሰው ጭነት ተሸካሚ ነበር። ጨውና ላምባ በጀርባው አዝሎ፣ ማሰሪያውን በግንባሩ ይዞ፣ ስድስት ቀን ዳገት ይወጣል። ልጁ ትምህርት ቤት የሚሄደው ከመንደራቸው ማዶ ነው፤ በመሀል የሚያልፈውን ትልቅ ወንዝ የሚሻገሩት ደግሞ በሽቦ ገመድ ላይ በተንጠለጠለች የእንጨት ሣጥን ውስጥ ተቀምጠው፣ ገመዱን በእጃቸው እየጎተቱ ነበር። ልጁ በዘጠኝ ዓመቱ የግራ እጁን ሁለት ጣቶች ያቺ ገመድ በላችበት። በሳምንቱ እጁ በጨርቅ እንደተጠቀለለ፣ በቀኝ እጁ ብቻ እየጎተተ ተመልሶ ተሻገረ። ይህን ሲነግሩኝ ጋሽ ሃሪ የራሳቸውን ሁለት ጣቶች አጥፈው ያሳዩኝ ነበር።

ልጁ አድጎ አስተማሪ ሆነ። ትምህርት ቤቱ መጽሐፍ ስላልነበረው ልጆቹን ዋልኑት በሚሉት የለውዝ ዓይነት ዛፍ ሥር የሚያስነብባቸው በጋዜጣ ነበር፤ ጋዜጣው ደግሞ በዚያን ዘመን የተከለከለ ፓርቲ ጋዜጣ ነው። ጋሽ ሃሪ ማንበብ የተማሩት ከዚያው ጋዜጣ ላይ ነው። ፖሊሶች መጥተው መምህሩን ሲወስዱት ልጆቹ የጀመሩትን ዓረፍተ ነገር እንዲጨርሱ ፍቀዱልኝ ብሎ ለመነ፤ ፖሊሶቹም ቆመው ጠበቁት። ሰባት ዓመት ታሰረ። ተጸጽቻለሁ ብለህ ከፈረምክ ትፈታለህ እየተባለ በየዓመቱ ወረቀት ይቀርብለታል። እሱም በየዓመቱ ወረቀቱን አንብቦ፣ የሰዋስው ስህተቱን አርሞ፣ ሳይፈርም ይመልሳል። እዚህ ጋ ስንደርስ ሁልጊዜ እስቃለሁ፤ ድገሙልኝም እላለሁ።

ከዚያ ዘመኑ ተለወጠ። ንጉሡ ፓርቲዎችን ፈቀደ፣ ምርጫ ተደረገ፣ መምህሩ በእግሩ ከመንደር መንደር እየዞረ ተመረጠ፣ ጥቂት ቆይቶም ጠቅላይ ሚኒስትር ሆነ። ጋሽ ሃሪ ያኔ በዋና ከተማው ታይፕ የሚያስተምሩ ወጣት ነበሩ፤ አስጠርቶ ቢሮው ውስጥ ቀጠራቸው። መምህሩ በመጀመሪያው ቀን የቢሮው ወንበር እጅግ ለስላሳ ሆኖበት የእንጨት ወንበር አስመጣ። በመጀመሪያው ዓመት ደግሞ ጣቶቹን ያጣበት ወንዝ ላይ ድልድይ አሠራ። ሲመረቅ የመንደሩ ሰው ሁሉ ወጥቶ ሲሻገር፣ ሲመለስ፣ ደግሞ ሲሻገር ዋለ።

እኔ ታሪኩ እዚያ ቢያልቅልኝ ደስ ይለኝ ነበር። ግን መንግሥቱ በአንድ ዓመት ተኩል ፈረሰ፤ የገዛ ፓርቲው ሰዎች ናቸው የጣሉት። ከጥቂት ዓመት በኋላ ተመልሶ ሥልጣን የያዘው ደግሞ ድሮ ካሳሰሩት ሰዎች ጋር ተስማምቶ ነው። ይህን ስሰማ ተቆጣሁ። ለምን እንዲህ አደረገ ብዬ ብጠይቃቸው፣ ጋሽ ሃሪ ማሞቂያውን አንድ ዘንግ ቀንሰው ሌላ ቀን እነግርሻለሁ አሉኝ። ብዙ ሌላ ቀኖች አለፉ፤ እሳቸው ግን ወደ ዋልኑቱ ዛፍ፣ ወደ እስር ቤቱ፣ ወደ ድልድዩ እየተመለሱ ያንኑ ይደግሙልኝ ጀመር።

አንድ እሑድ እራት ላይ እናቴን፣ የእኛ አገር መሪዎችም ታስረው ያውቃሉ ወይ ብዬ ጠየቅኋት። ጉርሻ ልትጠቀልል የዘረጋችው እጅ ትሪው ላይ ቀረ። ይህን ከማን እንደሰማሁ ጠየቀችኝ፤ ነገርኳት። በዚህ ቤት ፖለቲካ የሚባል ነገር አይነሳም ብላ ትሪውን አነሳች። ጋሽ ሃሪ ጋ እንዳልሄድ ሁለት ሳምንት ሙሉ ፈረቃዋን ከሥራ ጓደኞቿ ጋር እየተለዋወጠች፣ የሚለዋወጣት ባጣችበት ቀን ደግሞ ታምሜያለሁ እያለች እቤት ዋለች። አለቃዋ ከዚህ በላይ እንዳትቀሪ ብላ ስታስጠነቅቃት በስልክ ሰምቻለሁ። በዚያው ቅዳሜ ኮቷን ለበሰች፣ እጄን ያዘች፣ የጋሽ ሃሪን በር አንኳኳች።

ተቀመጪ ቢሏትም አልተቀመጠችም። «ጋሽ ሃሪ፣ ልጄን ስለሚጠብቁልኝ ውለታዎ አለብኝ» አለቻቸው በዚያ በተሰባበረ እንግሊዝኛዋ። «ግን እኔ ከአገሬ የወጣሁት ከፖለቲካ ሸሽቼ ነው። ልጄ እሱን እየሰማች እንድታድግ አልፈልግም።»

ጋሽ ሃሪ ማሞቂያውን ወደ እሷ አዞሩ። «ሲስተር፣ መጨረሻውን ገና አልነገርኳትም» አሏት። «ከመጨረሻው እኔም ስሸሽ ነው የቆየሁት። አንቺ ባለሽበት ልንገራት። ከዚያ በኋላ አትምጪ ካልሻት አትመጣም።»

እናቴ ኮቷን ሳታወልቅ ወንበሩ ጠርዝ ላይ ተቀመጠች። እኔ ምንጣፉ ላይ የዘወትር ቦታዬን ያዝኩ።

በመምህሩ ሁለተኛ ዘመን የአገሪቱ አስተማሪዎች ሥራ አቆሙ። ትምህርት ቤቶች ለወራት ተዘጉ። አዲሶቹ ወዳጆቹ፣ መሪዎቻቸውን ካላሳሰርክ መንግሥቱን ጥለን እንወጣለን አሉት። አንድ ቀን ጠዋት በእጅ የተጻፈ የአሥራ አንድ ሰዎች ዝርዝር ወደ ቢሮው መጣ፤ ጋሽ ሃሪም በታይፕ መትተው ጠረጴዛው ላይ አኖሩት። ሰባተኛው ስም ከመምህሩ ጋር በአንድ ክፍል አምስት ዓመት የታሰረ፣ በአንድ ብርድ ልብስ አብሮት የተኛ ሰው ስም ነበር። መምህሩ እያንዳንዱን ስም በጣቱ እየተከተለ አነበበ። ሰባተኛው ላይ ሲደርስ ቆመ። ጋሽ ሃሪ አሁን ይቀደዋል ብለው ጠበቁ። መምህሩ ቀና ብሎ፣ ይህ ሰው ስሙን የሚጽፈው እንዲህ አይደለም አላቸው፤ አንዲት ፊደል በብዕር አስተካክሎ፣ እንደገና መትተህ አምጣልኝ ብሎ መለሰላቸው። እሳቸውም እንደገና መቱት። ከዚያ ፈረመበት።

ሰባተኛው ሰው በአምስተኛው ወር ሲፈታ አንድ ጆሮው አይሰማም ነበር። ጋሽ ሃሪ በማግሥቱም፣ ከዚያም ወዲያ መንግሥቱ እስኪወድቅ ድረስ ቢሮ እየገቡ ሲተይቡ ቆዩ። ይህንንም አልዘለሉትም። ከአገር ልውጣ ብለው የተነሱት ቢሮው ከተዘጋ በኋላ መሆኑን ደግመው ነገሩን።

የኩራዟ ጢስ ወደ መስኮቱ ያዘነብል ነበር። እናቴ ቦርሳዋን ጭኗ ላይ አጥብቃ ይዛለች። «ሲተይቡ ስሞቹን አንብበዋቸዋል?» አለቻቸው።

«አዎ ሲስተር» አሉ ጋሽ ሃሪ። «ሁለት ጊዜ።»

እናቴ ተነሳች፣ እጄን ያዘች፣ ወጣን።

እቤት ስንገባ አልጋዋ ላይ ቁጭ አለችና በዚያው በኮቷ እንዳለች ነገረችኝ። ታላቅ ወንድም እንደነበራት አውቃለሁ፤ ታሞ የሞተ ነበር የሚመስለኝ። ለካ እሷ ገና የአሥራ ሁለት ዓመት ልጅ ሳለች፣ በዚያ ወጣት በየመንገዱ በሚገደልበት ዘመን፣ ስሙ በቀበሌ ዝርዝር ላይ ወጥቶ ነው የወሰዱት። ዝርዝሩን የጻፈው፣ የእጅ ጽሑፉ ያምራል የሚባል ጎረቤታቸው ነው፤ ቤታቸው ገብቶ የሚበላ የሚጠጣ ሰው ነበር። ዘመኑ ካለፈ በኋላ ሰው በጠየቀው ቁጥር፣ እኔ እንድጽፍ የተሰጠኝን ጻፍኩ እንጂ ማን ማን እንደሆነ አላየሁም ይል ነበር። ያንኑ እንዳለ ሞተ። እናቴ ይህን ነግራኝ ስታበቃ የወንድሟን ስም አልጠራችልኝም፤ እኔም ለመጠየቅ አልደፈርኩም።

ሰኞ ጠዋት ዩኒፎርሜን ስታስተካክልልኝ፣ ከትምህርት ቤት ስትመለሺ ጋሽ ሃሪ ጋ ግቢ አለችኝ።  በዚያ ቀን ጋሽ ሃሪን፣ መምህሩ ጥሩ ሰው ነው መጥፎ ብዬ ጠየቅኋቸው። ድልድዩ አሁንም ሰው እያሻገረ መሆኑን፣ የዚያም ሰው ጆሮ እንዳልዳነ፣ አንዱን ከሌላው ሊቀንሱ ብዙ ዓመት ሞክረው እንዳልሆነላቸው ነገሩኝ። ያኔ መልስ አልመሰለኝም ነበር።

አሥራ ሁለት ዓመት ሲሞላኝ መምህሩ ሞተ። ወሬው የመጣው በስልክ ነው፤ እሑድ ከቤተ ክርስቲያን ስንመለስ የጋሽ ሃሪ በር ገርበብ ብሎ ነበር። ማሞቂያው ጠፍቷል፤ እሳቸው ካፖርታቸውን ለብሰው በቀዝቃዛው ክፍል ተቀምጠዋል። እናቴ ነገሩን ስትሰማ ወደ ቤት ተመልሳ ጥቁር ልብሷን ለበሰች፣ ጥቁር ነጠላዋን ከሻንጣ አወጣች። ለቅሶ ልንደርስ ነው አለችኝ። ያን ሁሉ ላደረገ ሰው ብዬ ተከራከርኳት። «ለሱ አይደለም» አለችኝ፤ «ለጋሽ ሃሪ ነው። አብሯቸው የሚቀመጥ ሰው የላቸውም።»

ሦስት ቀን ከሰዓት በኋላ ተቀመጥን። እንግሊዝ አገር የሂማላያን ሰው በሐበሻ ወግ ማስተዛዘን እንዴት እንደሆነ ማንም አልነገረንም፤ እናቴ ግን እንደምታውቀው አደረገች። ምስር ወጥ ሠርታ ወሰደች፣ ብዙ አላወራችም፣ ሰዓቷን አላየችም። ጋሽ ሃሪ አንዳንዴ ስለ መምህሩ አንድ ነገር ይሉና ይተዉታል።

በሦስተኛው ቀን እናቴ አለቀሰች። መጀመሪያ ዝም ብላ፣ ኋላ ነጠላዋን አፏ ላይ ይዛ። ወንድሟ ሲሞት ማልቀስ ተከልክለው እንደነበር፣ አያቴም በር ዘግታ ድምፅ ሳታሰማ እንዳለቀሰች የነገረችኝ በኋላ ነው። ጋሽ ሃሪ ለማን እንደምታለቅስ ያወቁት ይመስለኛል። አላባበሏትም። ወንበራቸውን ወደ እሷ አስጠግተው ተቀመጡ፤ ትንሽ ሲበርድላት፣ ስሙ ማን ነበር ብለው ጠየቋት።

«ተስፋዬ» አለች እናቴ።

ጋሽ ሃሪ ካረፉ ጥቂት ዓመታት ሆኗቸዋል። ከጊዜ በኋላ መምህሩን፣ ስሙን ባላውቅም፣ ከአገሩ ጠቅላይ ሚኒስትሮች መካከል ኢንተርኔት ላይ ፈልጌ አገኘሁት። ጥቂት መስመር ነው፦ አስተማሪ፣ እስረኛ፣ ሁለት ጊዜ ጠቅላይ ሚኒስትር፣ ድልድይ። የዝርዝሩ ነገር የለም፤ ቢኖርም የማን እጅ እንደመታው አይጽፉትም። የዚያ ሰው ሥራ እንዴት ይመዘን እንደሆነ ዛሬም አላውቅም፤ እሱን ለአገሩ ሰዎች ትቼዋለሁ። እኔ ጋ የቀረው ሌላ ነው። ከዚያ ለቅሶ በኋላ እናቴ ስለ ተስፋዬ ማውራት ጀመረች። ሲያፏጭ ሰፈሩ ሁሉ እንደሚያውቀው፣ ሸንኮራ በጥርሱ እንደሚልጥ፣ አንድ ጊዜ የአባቱን ኮት ለብሶ ሰርግ ሄዶ እጅጌውን ወጥ ውስጥ እንደነከረው። የኮቱን ነገር ስትነግረኝ ሰሃን እያጠብኩ ነበር፤ ውሃውን ዘግቼ ሰማኋት።